ጠባቂው አይመልስም

ሰኞ ጠዋት ዳቦ ቤቱ አላወቀኝም። በሩ ላይ ቆሜ እንደ ሁልጊዜው ሙሉ ስሜን ተናገርኩ፤ ፌቨን ዮናታን ጌታነህ። ወትሮ ስሜን ሳልጨርስ ይከፈትልኝ ነበር። ያን ቀን ግን በሩ በዚያ በማይደክመው ድምፁ፣ «ጠባቂው አይመልስም፤ ቆይተው ይሞክሩ» አለኝ። ከኋላዬ የተሰለፉት ሰዎች ራቅ ብለው ቆሙ። ስሙ የማይመልስ ሰው አጠገብ መቆም የሚወድ የለም፤ የሚጋባ ይመስላቸዋል።

ዳቦውን ጎረቤቴ በስሟ ገዛችልኝ። «ስምሽ ደህና አላደረም እንዴ?» አለችኝ። ይህ ዛሬ ሰላምታ ነው። እናቴ ልጅ ሳለች ሰው ለሰው «እንደምን አደርሽ» ይባባል ነበር፤ አሁን መጀመሪያ የሚጠየቀው ስሙ ነው፣ ሰውየው ከዚያ በኋላ ይደርሳል።

በአያቶቻችን ጊዜ በስም የሚፈለገው ድረ ገጽ ብቻ ነበር ይባላል። ስሙን ዶሜይን፣ መዝገቡን ዲኤንኤስ ይሉት ነበር። በኋላ ሰውም፣ ቤትም፣ የውኃ ቧንቧም በስም ይፈለግ ሲባል የእኛ አገር ሰዎች ብዙ አልተጨነቁም። ልጅ በአባቱ፣ አባትም በአያት ሥር አይደል የሚጠራው? እንዳለ ተከሉት። እኔን የፈለገ መጀመሪያ ጌታነህን ይጠይቃል። ጌታነህ ወደ ዮናታን ይመራዋል። ዮናታን ደግሞ «ፌቨን አዳማ ናት፣ ቤቷ እዚህ ነው፣ መልእክቷ በዚህ ይገባል» ብሎ ይሰጠዋል። ጌታነህ አያቴም ዮናታን አባቴም ከሞቱ ቆይተዋል። መሞት አያግድም፤ ስማቸውን ይዞ የሚመልስ ጠባቂ ካለ ይበቃል። የአባትን ስም የሚጠብቀው የበኩር ልጅ ነው። የእኛ ጠባቂ ታላቅ ወንድሜ ኢዮስያስ ነው። ሚስቱ ከሞተች ወዲህ አርባ ምንጭ ብቻውን ይኖራል፤ ልጅ የለውም።

ስለዚህ ዳቦ ቤቱ ያለኝን ስሰማ መጀመሪያ የተናደድኩት በኢዮስያስ ነው። ስሙን ማደስ ረስቶ ሐይቁ ዳር ዓሣውን እየበላ ነው አልኩ በሆዴ።

ዳቦ ቢቀር ይቅር። ያስጨነቀኝ ሌላ ነው። የባሌ የአቤኔዘር የልቡ ቫልቭ አልዘጋ ካለ ቆይቷል። አዲስ አበባ ያለው ሆስፒታል ለኦፕራሲዮን ተራ ይዞለት፣ በዚያ ሳምንት እንጠራችኋለን ብለውን ነበር። የሚጠራው በሽተኛው አይደለም፣ አስታማሚው ነው። ሦስት ጊዜ ፈልገው ካጡሽ ተራው ለሚቀጥለው ሰው ያልፋል፤ እንደገና መሰለፍ ነው። አቤኔዘር እንደገና የሚሰለፍበት ጉልበት የለውም። ሐኪሞቹ ይህን አልደበቁኝም። እስከዚያ ድረስ አይደንግጥ፣ አይዘን፣ አይናደድ ብለው አዘዙልኝ። በዚህ አገር ይህን ማዘዝ ክረምት ላይ ዝናብ አይዝነብ እንደማለት ነው፤ ግን እሺ አልኩ። እሺ ማለት ከለመደብኝ ቆይቷል።

ሆስፒታሉ ጋ ራሴ ደወልኩ። «ማን ልበል?» አለኝ መስመሩ። ስሜን ነገርኩት። ፈለገኝ፣ አጣኝ፣ ዘጋው።

ማክሰኞ ቧንቧው ረሳኝ። የሰፈሩ ሱቅ ግን ያውቀኛል፤ የድሮ መልሴን ይዞ ስለተቀመጠ እንደገና የሚጠይቅበት ምክንያት የለውም። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይሉ የለ። የያዘኝ ሁሉ ያገኘኛል፣ አዲስ የሚጠይቀኝ ሁሉ ያጣኛል። ራሱን የሚነዳ ባጃጅ ተሳፍሬ ግማሽ መንገድ ላይ «ጠባቂው አይመልስም» ብሎ ቆመና በትሕትና በሩን ከፈተልኝ። በዚያ ፀሐይ በእግሬ ተመለስኩ።

ቤት ገብቼ ማድ ቤት ባለችው ጠያቂ፣ ስም ሲነግሯት ከመዝገብ መልስ በምታመጣው መሣሪያ፣ ራሴን ጠየቅሁ። የቦታ መዝገብ፣ መልስ የለም። የመልእክት መዝገብ፣ መልስ የለም። አንድ ነገር ግን ልብ አልኩ፤ «እንዲህ ያለ ስም የለም» አላለኝም። እሱ ለተሰረዘ ወይም ላልተወለደ ሰው ነው። እኔ አለሁ፤ የሚያስተዋውቀኝ ነው ከደጃፉ የጠፋው። አንድ ደረጃ ወጥቼ አባቴን ጠየቅሁ። ዮናታን ጌታነህ፤ ጠባቂ፣ ኢዮስያስ ዮናታን፣ አርባ ምንጭ። እስከዚህ ትክክል ነው። ከሥሩ የምስክር መዝገብ አለ፤ እሱን ስጠይቅ «ለእርስዎ የተከደነ ነው» አለኝ። እንዲህ ብሎኝ አያውቅም። የመሬት ክርክር ይሆናል ብዬ ጠረጠርኩ፤ ወንድሜ ከጎረቤት ጋር በአጥር መጨቃጨቅ ይወዳል።

ለወንድሜ ስደውል አይነሳም። የአጎታችን ልጅ ዳግማዊት እዚያው ግቢ ነው የምትኖረው። ስደውልላት ገና ከሰላምታው፣ «እትዬ ፌቨን፣ ጋሼ ወደ ቆላ ወርዷል፤ እዚያ መስመር የለም» አለችኝ። ባለፈው ሳምንትም ያለችኝ ይህንኑ ነበር። የባሌን ጤና ጠየቀችኝ፣ ደጋግማ ጠየቀችኝ፣ ከዚያ ቸኩላ ዘጋችው።

አብራን የምትኖረው እናቴ ብቻ ናት ያልተጨነቀችው። ሳሎን ግድግዳው ላይ ኢዮስያስ ራሱ የሰቀለላት ትንሽ ጠያቂ አለች። በየጠዋቱ ፊቷን ታጥባ ፊት ለፊቷ ትቀመጥና «ኢዮስያስ አለ?» ትላለች። «አለ» ትላታለች ጠያቂዋ። «ተመስገን» ትልና ቀኗን ትጀምራለች። ረቡዕ ጠዋትም «አለ» አለቻት። እኔም ከማድ ቤት ሰምቼ፣ እንግዲያስ ካለ ስለምን አይመልስም ብዬ እየተነጫነጭኩ ወደ ስም ጽሕፈት ቤት ሄድኩ።

ጽሕፈት ቤቱ ደጃፍ ላይ «ስም ከመቃብር በላይ ይውላል» የሚል ተጽፏል። ተረቱን የተረተው ሰው ለሰልፍ ብሎ አልነበረም። ሰልፉ ላይ ያለነው ሁላችንም አባታችን የሞተብን ነን፤ አባቱ ያለ ሰው እዚያ ምን ይሠራል? ከፊቴ የነበሩት ወንድማማቾች የአባታቸውን ስም እኔ ልጠብቅ፣ እኔ ልጠብቅ ተባብለው ሁለት ቦታ ተክለውት፣ እህታቸው አንድ ቀን ትገኛለች፣ አንድ ቀን ትጠፋለች። እህትየዋ መካከላቸው ቆማ ታዛጋለች። ደስ አለኝ ማለት አልችልም፣ ግን ከእኔ የባሰም አለ ብዬ ትንሽ ተጽናናሁ።

መስኮቱ ጋ የነበሩት አቶ ሚልክያስ የሚባሉ፣ ዓይናቸው ሥር ያበጠ፣ ሰው ማየት የሰለቻቸው ሰው ናቸው። ቀና ሳይሉ «የማን ስም?» አሉኝ።

«የአባቴ። ዮናታን ጌታነህ። ወንድሜ ማደስ ረስቶብኝ ሆስፒታል አጣኝ። እባክዎ ቶሎ ይበሉልኝ፣ ባለቤቴ ኦፕራሲዮን አለበት።»

ነካኩ። አነበቡ። ከዚያ ስክሪኑን ቀስ አድርገው ወደ ራሳቸው አዞሩት። ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብለው አዩኝ።

«እናቴ» አሉኝ፤ በዕድሜ እኩያዬ ናቸው። «ሰው አብሮዎት መጥቷል?»

በዚህ አገር ያደገ ሰው ይህን ጥያቄ ያውቀዋል። የስም ሥርዓቱ ሲወጣ ሕዝቡ አጥብቆ የለመነው አንድ ነገር ይህ ነበር፤ ሰው የወንድሙን ሞት ከዳቦ ቤት በር አይስማ። ስለዚህ ቤተሰብ ከጠየቀ የሞት ምስክር ለቅርብ ሰው ተከድኖ ይቆያል፤ ዘመድ ተሰብስቦ፣ ማልዶ መጥቶ፣ እንደ ወጉ እስኪያረዳ ድረስ። የመርዶ ክዳን ይሉታል። ስለ ሌሎች ሰዎች ሲወራ ሰምቻለሁ፣ ደግ ሕግ ነው ብዬም አውቃለሁ።

«ብቻዬን ነኝ» አልኩ። «ወንድሜ ደህና ነው። ዛሬ ጠዋት እናቴ ጠይቃ አለ ብላታለች። በጆሮዬ ሰምቻለሁ።»

«የእናትዎ ጠያቂ መልሱን ለምን ያህል ጊዜ ነው የምትይዘው?»

ኢዮስያስ ያቺን ጠያቂ ሲሰቅልላት እዚያው ነበርኩ። አርባ ምንጭ መብራት በጠፋ ቁጥር እማዬ እንዳትደነግጥ መልሱ ረጅም ዕድሜ ይኑረው ብሎ፣ እየሳቀ ነበር ያስተካከለው። ጠያቂዋ አንዴ የሰማችውን ነው ስትነግራት የከረመችው።

«ሰው ይዘው ቢመለሱ ይሻላል» አሉ አቶ ሚልክያስ።

«ሰው ይዤ ስመለስ ተራው አልፏል።»

«እኔ ልነግርዎት አልችልም እኮ። ክዳኑን ያስከደነው ሰው ካላነሳው በስተቀር አፌ የታሰረ ነው።»

«ነግረውኛል» አልኳቸው። «ከዚህ በላይ እንዴት ይነግሩኛል?»

እዚያው መስኮቱ ላይ ተደግፌ ለዳግማዊት ደወልኩ። ከኋላዬ ያሉት ሰዎች አላጉረመረሙም፤ እነሱም ጥያቄውን ሰምተዋል።

«እትዬ፣ ጋሼ እኮ ገና ከቆላ...»

«ዳጊ፣ ስም ጽሕፈት ቤት ነኝ።»

ማልቀስ ጀመረች። «ለጋሽ አቤኔዘር ብለን ነው» አለች። «ኦፕራሲዮኑ ይለፍና ሁላችንም መጥተን እናረዳሻለን ብለን ነው። ደም ግፊት ነው፤ ቁርሱን እየበላ ነው የወደቀው። አልተሠቃየም እትዬ። በደንብ ነው የተቀበረው፤ አገር ነው የወጣው። አንቺ ከሰማሽ ታለቅሻለሽ፣ አንቺ ካለቀስሽ እሱ ይሰማል፣ እሱ ከሰማ ልቡ...»

«የአባቴን ስም ማን እየጠበቀ ነው ዳጊ?»

«ምን?»

«ጋሼ ከሞተ የአባቴን ስም ማን እየመለሰ ነው? ሆስፒታሉ እኔን በማን በኩል ያገኘኛል ብላችሁ ነው?»

ከአጎቶቻችን ጀምሮ እስከ ጎረቤት ሁሉም ተሰብስቦ ሞቱን እንዴት እንደሚደብቅ መክሯል፤ ጠባቂ ይተካ ያለ ግን አንድም ሰው አልነበረም። ጠባቂ መተካት ሞቱን መናገር ነውና። እናንተ ለባሌ ልብ ስትሉ እሱኑ ልትገድሉት ነበር ልላት አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ልጅቱ ግን ታለቅሳለች። ወንድሜን የገነዘችውም እሷ ናት፣ እኔ አልነበርኩም። ተውኩት።

«ክዳኑን አንሺው» አልኳት። አነሳችው።

አቶ ሚልክያስ ስክሪኑን ወደ እኔ መለሱት። ያየሁት ሁለት መስመር ነው። ስሙ፣ ከዚያ «ዐርፏል»። ወንድሜን እወደው ነበር። ሰኞ ዕለት ዓሣ ይበላል ብዬ ስናደድበት እሱ አፈር ውስጥ ነበር። ይህን ሳስበው የመስኮቱን ጠርዝ ያዝኩ፤ ወንበር ሰጡኝ።

«ቀጣይዋ ታላቅ እርስዎ ስለሆኑ ስሙን መረከብ ይችላሉ» አሉኝ፤ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው። «ግን በአፍዎ መናገር አለብዎት። ይቀዳል።»

ተናገርኩ። ኢዮስያስ ዮናታን ዐርፏል። የዮናታን ጌታነህን ስም ከዛሬ ጀምሮ የምጠብቀው እኔ ልጁ ፌቨን ነኝ። ማንም ሳያረዳኝ መርዶውን ለመንግሥት ያረዳሁት እኔው ሆንኩ። ያኔም አላለቀስኩም። ደክሞኝ ነበር፤ እንባም ጉልበት ይፈልጋል።

«አንድ ነገር ልንገርዎት» አሉ አቶ ሚልክያስ እየነካኩ። «አዲስ ጠባቂ ሲገባ የቤተሰቡ ጠያቂዎች የያዙትን አሮጌ መልስ እየጣሉ እንደ አዲስ ይጠይቃሉ። ሆስፒታሉ የሚያገኝዎት በዚሁ ነው። የእናትዎም ጠያቂ ያው ነው።»

«ምን ብላ ነው የምትመልስላት?»

«ዐርፏል ትላለች።»

«መቼ?»

«አንዷ ቶሎ ትነቃለች፣ አንዷ ትዘገያለች። ዛሬ ሊሆን ይችላል። ልተወው ካሉ አሁን ነው የሚተዉት።»

ወይ ሆስፒታሉ ያገኘኛል፣ ወይ እናቴ ሳትሰማ ትቆያለች። ምርጫ አይባልም ይህ። «ይግባ» አልኳቸውና ተነሣሁ። ለወጉ «እግዚአብሔር ያጽናዎት» አሉኝ። እሳቸው ናቸው መጀመሪያ ያጽናኑኝ።

ከጽሕፈት ቤቱ ደጃፍ ባጃጅ ጠራሁ። ስሜን ገና ሳልጨርስ ተከፈተልኝ። የአባቴ ልጅ መሆኔ ተመልሶልኛል። የመመለሴ ፍጥነት አንገበገበኝ፤ ያቺ የቤታችን ጠያቂም በዚሁ ፍጥነት ነቅታ ይሆናል። እናቴ ጠዋት ብቻ ነው የምትጠይቀው እያልኩ ራሴን አጽናናለሁ፤ ከዚያ ደግሞ አንዳንዴ ከምሳ በኋላ ልቧን ቅር ሲለው ደግማ እንደምትጠይቀው ትዝ ይለኛል። ባጃጁን ፍጠን አልኩት። ለእሱ ፍጠን ማለት ትርጉም የለውም፤ ቢሆንም አልኩት።

ስገባ እናቴ ሳሎን ተቀምጣ ምስር ትለቅማለች። ጠያቂዋ ከራስጌዋ ናት። ከመኝታ ቤት የአቤኔዘር ሳል ይሰማል፤ በሩ ገርበብ ብሏል።

«ኢዮስያስን አገኘሽው?» አለችኝ።

እግሯ ሥር ተንበረከክሁና ትሪውን ከጭኗ ላይ አነሳሁት። መርዶ እንዴት እንደሚነገር አውቃለሁ። ገና ሳይነጋ ይመጣል፣ ብዙ ሆኖ ይመጣል፤ ስትወድቅ የሚይዛት፣ ስትጮኽ አብሯት የሚጮኽ ሰው ይኖራል። እኔ በቀትር፣ ብቻዬን፣ ያውም በሹክሹክታ። መርዶ በሹክሹክታ ሲነገር ሰምቼ አላውቅም።

«እማዬ፣ አትጩኺ፣ አቤኔዘር እንዳይሰማ። እማዬ፣ ጋሼ የለም።»

ገብቷታል። ወዲያው ገብቷታል። ግን ጣቷን ወደ ግድግዳው አነሳች። «ጠዋት አለ ብላኝ ነበር እኮ» አለች።

«የድሮ መልስ ነው።»

አፏን ስትከፍት አየሁ። ልጇ የሞተባት ሴት ጩኸት ከሆድ ነው የሚነሣው፤ ሲነሣ አየሁት። እጄን ወደ አፏ ልልክ አልኩና አፈርኩ፤ የእናት አፍ እንዴት ይዘጋል? እሷ ግን ቀደመችኝ። የነጠላዋን ጫፍ ሰብስባ አፏ ውስጥ ጨመረችውና ነከሰችው። ትከሻዋ ብቻ ይንቀጠቀጣል። አቅፌያት አብሬያት ተንቀጠቀጥኩ። ያኔ ነው ያለቀስኩት፤ ያለ ድምፅ።

ስልኩ በዚያ መካከል ጠራ።

«ወይዘሮ ፌቨን ዮናታን ጌታነህ?»

«አቤት። ነኝ።»

«ከሆስፒታሉ ነው። ሁለት ጊዜ ፈልገን አጣንዎት፤ ይህ የመጨረሻው ነበር። ታካሚው ሐሙስ፣ ነገ ማለት ነው፣ በጠዋት ይግባ። ቤት ውስጥ ሁሉ ሰላም ነው? የተረበሸበት፣ ያዘነበት ነገር የለም?»

እናቴን አየኋት። ነጠላዋን እንደነከሰች ዓይኖቿን ጨፍናለች።

«ሰላም ነው» አልኩ። «ምንም የለም።»

ስዘጋው አቤኔዘር ከውስጥ «ማነው?» አለ። ፊቴን በመዳፌ ጠረግሁና በሩ ጋ ሄድኩ። ለስላሳውን ትራስ ተደግፎ ቀና ለማለት ይሞክራል።

«ሆስፒታሉ። ነገ ግቡ ብለዋል።»

ከሳቀ ብዙ ጊዜው ነበር፤ ሳቀ። «አንቺ እኮ ሰሞኑን ተጨንቀሽ ነበር፤ ያላወቅሁ መሰለሽ? ለኢዮስያስ ነገርሽው?»

«ነገርኩት።»

«ምን አለ?»

«እንኳን ደስ አላችሁ አለ።»

«ድምፁ ደህና ነው?»

«ደህና ነው። ትንሽ ደክሞታል።»

«ሽማግሌ ሆነ» አለ አቤኔዘር፣ አሁንም እየሳቀ። «አብሮኝ እንዲገባ ነበር የምፈልገው። ከኦፕራሲዮን በኋላ ይመጣል በቃ፤ እኔ ራሴ እደውልለታለሁ።»

እናቴ ከኋላዬ ተነሣች። ነጠላዋን ከአፏ አውጥታ አስተካክላ ለበሰችው። ማድ ቤት ገብታ ፊቷን ስትታጠብ ውኃው ይሰማኛል። ተመልሳ መጥታ በእጇ ገለል አደረገችኝና አልፋኝ ገባች። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች፤ እጁንም ያዘችው።

«እንኳን ደስ ያለህ ልጄ» አለችው።